አፈር ስሆን፣ ዓለሜ ግባልኝ

ጓደኛዬ ደግ ሰው ነው። ይህን አስቀድሜ የምናገረው፣ ከዚህ በታች የምዘረዝረውን ያነበበ ሰው ሌላ ነገር እንዳይጠረጥር ብዬ ነው። ሰው ወዳጁን ቡና ጠጣ ብሎ ይጠራል፣ ሲደላው ለሠርግ ይጠራል፤ የእኔው ግን ሜሪላንድ ተቀምጦ አዲስ አበባ ያለሁትን እኔን ለዓለም ጠራኝ። «ዓለም ሠርቻለሁ፣ ግባልኝ» አለ። እኔም እንደ ወጉ ትንሽ ተግደረደርኩ፤ ሥራ አለብኝ፣ ኔትወርኩም አያስተማምንም አልኩ። እሱም እንደ ወጉ ለመነ፤ እናቶቻችን ሁለተኛውን እንጀራ ሲያቀርቡ የሚሉትን ሳያጎድል «በሞቴ! አፈር ስሆን!» አለኝ።

አፈሩን በኋላ አገኘሁት።

ዓለሙ ያለው ማይንክራፍት የሚባል ጌም ውስጥ ነው። ቤቱ ልጅ የሌለበት አንባቢ ካለ፣ ዛፉ፣ ላሙ፣ ደመናው፣ ፀሐይዋ ሳትቀር አራት ማዕዘን የሆነችበት አገር ነው። ሰው እዚያ ገብቶ ይቆፍራል፣ ይፈልጣል፣ ይዘራል፣ ቤት ይሠራል፤ ሲመሽ ከሚመጡበት ዞምቢዎችና አጽሞች ነፍሱን ያድናል። ማርከስ ፐርሰን የተባለ ስዊድናዊ እ.ኤ.አ. በሜይ 2009 ለመጀመሪያ ጊዜ ለሕዝብ አወጣው። በ2014 ኩባንያው ከነጌሙ በ2.5 ቢሊዮን ዶላር ለማይክሮሶፍት ተሸጠ፤ እስከ 2023 ድረስ ደግሞ ጌሙ ከ300 ሚሊዮን ቅጂ በላይ ተቸብችቧል። ልብ በሉ፤ ሰውየው ዓለም ፈጠረ፣ ሰው አስገባበት፣ ከነሰዉ ሸጦት ወጣ። ጓደኛዬ ይህን የመሰለ አርአያ ይዞ እንዴት ክፉ ሊሆን ይችላል?

መግባቱ ግን በዋዛ አይደለም፤ የትልቅ ሰው ደጅ መቼ በዋዛ ተገብቶ ያውቃል። እኔ አሮጌ ላፕቶፔ ላይ «ጃቫ» የሚባለው ዓይነት ነበረኝ። እሱ ዘንድ ያለው «ቤድሮክ» ነው። ሁለቱ ያንድ ቤት ልጆች ናቸው፣ የሚጠሩትም ባንድ ስም ነው፣ ግን አብረው ማዕድ አይቆርሱም፤ የጃቫ ሰው የቤድሮክ ዓለም ውስጥ ዝም ብሎ ዘው አይልም። ስለዚህ ለስልኬ ሌላ መግዛት ነበረብኝ። ዋጋው 7 ዶላር ሊሞላ 1 ሳንቲም የጎደለው ነው። ከዚህ ሆኖ ዶላር መክፈል ምን እንደሚመስል የሚያውቅ ያውቀዋል። ጓደኛዬ ከዚያው ሆኖ በካርዱ ከፈለልኝ። «ችግር የለውም፣ ወንድም አይደለን እንዴ?» አለ። ባለርስቱ ለአራሹ ዘርና በሬ ሲሰጥም ከዚህ የተለየ ነገር የሚናገር አይመስለኝም።

ከዚያ ደጅ ጥናቱ ተጀመረ። አካውንት ክፈት ተባልኩ፣ ከፈትኩ። የጓደኝነት ጥያቄ ላክ ተባልኩ፣ ላክሁ። «አልደረሰኝም።» ደግሜ ላክሁ። «ቆይ፣ ስምህ ሌላ ነው እንዴ?» የፈለግሁት ስም ቀድሞ ተይዞ ስለነበር ከኋላው እንደ መኪና ታርጋ ቁጥር ተለጥፎብኛል። እሱን ጨርሰን ተቀበለኝ ስል «ቨርዥንህ አሮጌ ነው» አለኝ። ለሳምንት ያልኩት የዳታ ጥቅል ባንድ ሌሊት አለቀ። አያቶቻችን ደጅ ሲጠኑ ቢያንስ የዋርካ ጥላ ነበራቸው፤ ጎናቸው የተቀመጠው ደጅ ጠኚም ወሬ ያቀብላቸው ነበር። እኔ የነበረችኝ ስክሪኑ ላይ እንደ ቀንድ አውጣ የምትሳብ አንዲት መስመር ናት።

የሰዓቱ ነገር ደግሞ አለ። ጓደኛዬ ዓለሙን የሚከፍተው ቅዳሜ ልጆቹን አስተኝቶ፣ ምሽት 4 ሰዓት ላይ ነው። ያ ማለት እኔ ዘንድ እሁድ ንጋት 11 ሰዓት ነው። ሰፈሩ ነጠላውን አጣፍቶ ለቅዳሴ ሲወጣ እኔ ጃኬት ደርቤ፣ ስልኬን ቻርጀር ላይ ሰክቼ ዓለም ልገባ እቀመጣለሁ። እናቴ በሩን ስታልፍ «ምን እየሠራህ ነው?» ትለኛለች። ለነፍሷ ለምትሄድ ሴት ወደ ዓለም ልገባ ነው ብዬ እንዴት ልንገራት?

በመጨረሻ ገባሁ። ስክሪኑ ላይ መግባቴን የምታውጅ አንዲት ቢጫ መስመር ብቅ አለች፤ ለእኔ የተነፋች እምቢልታ መሰለችኝ። ደስታዬ ብዙ አልቆየም። ጌሙ እንግዳን የሚያወርደው ዓለሙ በተጀመረበት ቦታ ነው፤ የጓደኛዬ ቤት ደግሞ ከዚያ ሺህ ምናምን ብሎክ ይርቃል። «ና በቃ፣ ወደ ፀሐይ መጥለቂያው ቀጥ በል» አለኝ በዲስኮርድ፣ እየተጫወትን በምንነጋገርበት መተግበሪያ። ቀጥ አልኩ። የጌሙ ቀን ከነሌሊቱ 20 ደቂቃ ነውና ፀሐይዋ እያየኋት ጠለቀች። ባዶ እጄን ነኝ። ከኋላዬ የአጽም ቀስት፣ ከፊቴ ዞምቢ። አሥር ልብ ይዤ የገባሁ ሰው በሁለት ልብ ተኩል አንድ ኮረብታ ሥር አፈር ምሼ ተቀበርኩ፤ በላዬም አፈር ደፍኜ እስኪነጋ ተቀመጥኩ። እሱ እሆናለሁ ሲል የማለውን እኔ ሆንኩለት።

ሲነጋ ደረስኩ። በሩ ላይ ሦስት ውሻ ተቀምጧል። ባለቤቱ ወጣ፤ ከራሱ እስከ እግሩ ኔዘራይት ለብሷል፣ በዚህ ጌም ከዚያ በላይ ጥሩር የለም፤ ሐምራዊ አስማት ላዩ ላይ ይንቦገቦጋል። እኔ ጌሙ ለማንም ለምንም የሚያለብሳትን ሰማያዊ ቲሸርት ለብሻለሁ። «ቤት ለእንግዳ!» አለና ሦስት ዳቦ ወረወረልኝ። መወርወሩን በክፉ አትዩት፤ በዚያ አገር ዕቃ የሚሰጣጡት በመወርወር ነው። ከዳቦው አስከትሎ አንድ የድንጋይ ፒክአክስ፣ ዶማ በሉት፣ ወረወረልኝ። እኔ ሞኙ ስጦታ መስሎኝ አመሰገንኩ።

ቤቱን አስጎበኘኝ። ግምጃ ቤቱ ከወለል እስከ ጣሪያ ሳጥን ነው፤ በየሳጥኑ ላይ አማርኛ በላቲን ፊደል ተጽፎ ተሰቅሏል፦ «ብረት»፣ «ወርቅ»፣ «የግል»፣ «ዳይመንድ፣ እንዳትነኩ»። «የእንግዳ» የሚል አንድ ሳጥን ጥግ ላይ አየሁና ከፈትኩት። ውስጡ 11 የበሰበሰ ሥጋ አለ። በዚህ ጌም ያንን ሥጋ የበላ ሰው ከአሥር ጊዜ ስምንቱን ረሃቡ ይብስበታል። ቤት ያፈራውን እንግዲህ!

ቤድሮክ ለእንግዳ ማዕረግም ይሰጣል። ከታች «ቪዚተር» አለ፣ ከማየት በቀር መንካት የማይፈቀድለት። ከዚያ «ሜምበር» አለ፣ መቆፈር የሚችል። ከላይ «ኦፕሬተር» አለ፣ የሚያዝ። ጓደኛዬ ገና በሩን ሳላልፍ ሜምበር አድርጎ መዝግቦኛል። መቆፈር ተፈቀደልኝ ማለት ነው። ሹመት ያዳብር በሉኝ።

«ሥራ» የሚለውን ቃል ጓደኛዬ አይወደውም። «ደቦ ነው» ይላል። ሜሪላንድ ከኖረ ቆይቷልና ደቦ ምን እንደሆነ ቢረሳው አልፈርድበትም። ደቦ ባለማሳው ጠላ ጠምቆ፣ ንፍሮ ቀቅሎ የሚጠራው ነው፤ ሰው እየዘፈነ ያጭዳል፣ አመሻሽ ላይ ጠግቦ ሞቅ ብሎት ይሄዳል። ወንፈል ደግሞ ተራ አለው፤ ዛሬ ላንተ፣ ነገ ለእኔ። እኔ ሰባት እሁድ ቆፍሬያለሁ። ተራዬ የት እንደደረሰ በጠየቅሁ ቁጥር ዲስኮርዱ ይቆራረጣል። ያው ኔትወርክ ነው።

የሚገነባው የፋሲልን ግንብ ነው። «አገሬ ናፈቀኝ፣ ፋሲልን ልሠራው ነው» ሲለኝ እንባዬ መጥቶ ነበር፤ ናፍቆቱ ስንት ድንጋይ እንደሚፈጅ ያን ጊዜ አላሰላሁትም። አንድ ድርብ ሳጥን 54 ቦታ አለው። እያንዳንዱ ቦታ 64 ድንጋይ ይይዛል። ሲሞላ 3,456 ድንጋይ ነው። የተሰጠኝ የድንጋይ ፒክአክስ 130 ድንጋይ ገደማ አውጥቶ ይሰበራል፤ እሱ ወገቡ ላይ ያለው ኔዘራይት ከ2,000 በላይ ያወጣል፣ ድንጋዩንም እንደ ጎመን ነው የሚቀነጥሰው። ባጭሩ አንድ ሳጥን ሞልቼ ለማስረከብ 26 ፒክአክስ እሰብራለሁ። «ያንተን ለዛሬ ብታውሰኝስ?» አልኩት አንድ ቀን። ዝም አለ። ቆይቶ ያረጀ ዕቃ የሚጠግነውን አስማት ስም ጠርቶ «እሱ ሜንዲንግ አለበት» አለኝ፤ ሰው ስለ ታቦት ሲናገር ድምፁን ዝቅ እንደሚያደርገው አድርጎ።

ሲጠራኝ «ንጹሕ ሰርቫይቫል ነው፣ ቺት የለም» ብሎኝ ነበር። ሦስተኛው እሁድ ላይ ከጉድጓድ ቀና ስል ባለቤቱን አየር ላይ አየሁት፤ ያለ ክንፍ። «ጣራውን ልየው ብዬ ነው፣ አሁን እመልሰዋለሁ» አለኝ ከደመናው ሥር። እንግዲህ ያ ዓለም ለእኔ የመትረፍ፣ ለእሱ የመፍጠር ጌም መሆኑ ነው። በዚህም አልተከፋሁም፤ ደመና ላይ የሚውልና ጉድጓድ ውስጥ የሚውል ባንድ ሕግ ሲተዳደሩ የት ታይቷል? እሱ ዓለሙን ይቀጫል፣ እኔ ዓለሙን እቆፍራለሁ።

ከሁሉ የምወደው የመኝታውን ትእዛዝ ነው። ሌሊቱ እንዲያልፍ ዓለሙ ውስጥ ያለው ሰው በሙሉ አልጋ ላይ መውጣት አለበት፤ አንድ ሰው ቆሞ ከቀረ ሌሊቱ አይዘለልም። ስለዚህ ጀምበር ባዘቀዘቀች ቁጥር «ተኛ! ተኛ እንጂ! አንተን ነው የምንጠብቀው!» ይለኛል። እኔ እኮ ከእውነተኛ አልጋዬ ተነስቼ፣ ዓይኔ ቀልቶ፣ ብርድ ልብስ ተከናንቤ የተቀመጥኩ ሰው ነኝ። ቀይዋ አልጋ ላይ እወጣለሁ፤ ጌሙ ውስጥ ያለው ሰውዬ ድብን ብሎ ይተኛል፣ እኔ አፍጥጬ አየዋለሁ። ቀናሁበት ብል ሐሰት አይሆንም።

አልጋዬ ያለችው ከግንቡ አጥር ውጭ፣ አርባ ብሎክ ርቃ በቆመች የአፈር ጎጆ ውስጥ ነው። «እንግዳ ነጻነት ይፈልጋል ብዬ ነው» አለኝ ሲያሳየኝ። ደጃፏ ላይ እሳት አነደድኩ፤ ጭሱ ቀጥ ብሎ ወጣ። «ጭሰኛ» የሚለውን ቃል በልጅነቴ ለፈተና ሸምድጄው ነበር፤ ትርጉሙ ከየት እንደመጣ የታየኝ ያን ዕለት ነው።

ብቻዬን አይደለሁም። ዱባይ ያለች የአክስቱ ልጅ አለች፣ እሷ በግ ጠባቂ ናት፤ ሱፍ በ16 ቀለም ይገኛል፣ የእልፍኙ ምንጣፍ ደግሞ አሥራ ስድስቱንም ይፈልጋል። ሚኒሶታ ያለ አንድ ልጅ ስንዴ ይዘራል። አንድ እሁድ ሳላስበው ማሳው ላይ ዘለልኩበት። በዚያ አገር የታረሰ መሬት ላይ የዘለለ ሰው እርሻውን ወደ ተራ አፈር ይመልሰዋል። ልጁ ሦስት ሳምንት አኮረፈኝ። በአራተኛው ጓደኛዬ ኦፕሬተር አድርጎ ሾመው፣ ምስለኔ መሆኑ ነው፤ ሹመቱም ከስንዴው ፈጥኖ አፈራ። ኦፕሬተር የሆነ ሰው ማንንም ካለበት ነቅሎ ወደሚፈልግበት ቦታ የሚያመጣበት ትእዛዝ አለው። ጉድጓድ ውስጥ አጎንብሼ እቆፍር የነበርኩት ሰው በዓይን ጥቅሻ ራሴን ማሳው ዳር ቆሜ አገኘሁት። «ያንን ስንዴ መልሰህ ዝራ» አለኝ። ጭሰኛ ከጭሰኛ ሲነካከስ ጌታው ምን ይሠራ ነበር ብላችሁ አስባችሁ ከሆነ፣ የእኛው ጣራ ላይ መስኮት እያስገባ ነበር።

አንድ ጊዜ ዳይመንድ አገኘሁ። ሦስት። በዚህ ጌም ሦስት ዳይመንድ ማለት አንድ የዳይመንድ ፒክአክስ ማለት ነው፤ ከሁለት እንጨት ጋር ሆኖ ይበቃል። ይዤ ስሮጥ ግንቡ ጥግ ላይ ክሪፐር ጠበቀኝ። ክሪፐር እጅ የሌለው አረንጓዴ ፍጡር ነው፤ ፈጣሪው አሳማ ሊሠራ ተነስቶ ቁመቱንና ርዝመቱን ሲያምታታ ነው የተወለደው። ጠጋ ብሎ «እሽሽ» ይልና ይፈነዳል። ከእሽታው እስከ ፍንዳታው አንድ ሰኮንድ ተኩል አለ፣ ሜሪላንድ ላለ ሰው በቂ ጊዜ ነው። እኔ ዘንድ ግን ስክሪኑ ደርቆ ቆየና እሽታውም ፍንዳታውም መሞቴም አብረው ደረሱኝ። በላግ የሞተ ሰው መርዶውን እንደ ሩቅ ዘመድ ነው የሚሰማው።

የሞተ ሰው ዕቃ መሬት ላይ ይበተናል፤ በአምስት ደቂቃ ውስጥ ካልተለቀመ ይጠፋል። ከጎጆዬ ተነስቼ ስበር ጓደኛዬ ቀድሞኝ ደርሷል። «ለቅሜልሃለሁ፣ አታስብ» አለኝ። ዳይመንዶቹ «እንዳትነኩ» ወደሚለው ሳጥን ገቡ፤ ለጥንቃቄ ነው። ዳቦዬን ግን አንድም ሳያጎድል መለሰልኝ። ፍንዳታው የምሥራቁን ግንብ ጥግ አፍርሶት ስለነበር «አንተ ነህ የሳብከው» ተብዬ 200 ድንጋይ ተፈረደብኝ።

ዓለም የሚያልፍበትን ሰዓት ማንም አያውቅም ይባላል። እኔ አውቃለሁ፤ የጓደኛዬ ትንሿ ልጅ ስትነቃ ነው። ዓለሙ ያለው እሱ ኮምፒውተር ላይ ነውና «አንዴ፣ ልጄ አለቀሰች» ብሎ ሲወጣ ሰማዩም፣ ግንቡም፣ በጎቹም ባንድ ጊዜ ይጠፋሉ፤ የዱባይዋ ልጅ መቀሷን እንዳነሳች፣ እኔ ፒክአክሴን እንደሰነዘርኩ። በየወሩ ጥቂት ዶላር ከፍሎ ዓለሙን ሌት ተቀን ክፍት ማድረግ ይቻላል። ለምን አታደርገውም አልኩት። «እኔ በሌለሁበት ምን ልትሠሩ?» አለኝ። መልስ አጣሁለት። እኔ ዘንድ መብራት ሲጠፋ ግን የምጠፋው እኔ ብቻ ነኝ። አንድ እሁድ አርባ ደቂቃ ጠፍቼ ተመለስኩና ይቅርታ ብጠይቅ «እንዴ፣ ሄደህ ነበር?» ተባልኩ።

አንድ ነገር እስካሁን ይገርመኛል። በ1957 ዓ.ም. ተማሪዎች «መሬት ላራሹ» ብለው ሲወጡ፣ የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. አዋጁ ሲታወጅ፣ ነገሩ ግልጽ ነበር፤ መሬቱ በጌቶች እጅ ነው፣ አራሹ ሌላ መሄጃ የለውም። እዚህ ጌም ውስጥ ግን መሬት ሞልቶ ተርፏል። ያ የተውኩት የጃቫው ዓለም ከመካከሉ እስከ ወሰኑ 30 ሚሊዮን ብሎክ ነው፤ ሌት ተቀን ሳያርፍ ለሚራመድ ሰው 80 ቀን ገደማ ይፈጅበታል፣ ይህም ወዳንድ አቅጣጫ ብቻ። ያ ቢያንስ እንኳ «አዲስ ዓለም ፍጠር» የምትል ቁልፍ አለች። አንዴ የነካት ሰው ማንም ያልረገጠው አገር ከነወንዙ ከነተራራው የራሱ ይሆናል፤ ካርታ የለ፣ ሊዝ የለ፣ ቀበሌ የለ። ቁልፏ ስልኬ ላይ ናት። ከጓደኛዬ ዓለም ስም በአንድ ጣት ስፋት ነው የምትርቀው። በየእሁዱ አልፌያት እሄዳለሁ።

አንድ ቀን ነካኋት። ጫካ፣ ወንዝ፣ አንድ ላም። ዛፍ ቆረጥኩ፤ «ጎበዝ» የሚል የለም። መሸ፤ «ተኛ» የሚል የለም። ላሟ አየችኝ፣ አየኋት። ሩብ ሰዓት ሳይሞላ ወጥቼ ለጓደኛዬ «ዛሬ ትከፍታለህ?» ብዬ ጻፍኩለት። ማክሰኞ ነበር።

ግንቡ ባለፈው ወር መልክ ያዘ። ጓደኛዬ ቪዲዮ ቀርጾ ቲክቶክ ላይ ለቀቀው፤ «ብቻዬን፣ በትዕግሥት፣ ለአገሬ» ይላል፣ ከሥሩ ማሲንቆ ገብቶበታል። አልተቀየምኩም። ጎንደር ያለውንም ፋሲል ሠራው ይባላል እንጂ ድንጋዩን ማን አቀበለው የሚል ጎብኚ አላየሁም። ቪዲዮው ሊያልቅ ሲል ካሜራው ወደ ኋላ ይዞርና ራቅ ብላ አንዲት የአፈር ጎጆ ትታያለች፣ ጭስ ይወጣባታል። እኔ ነኝ። ከሥር አንድ ሰው «ግንቡ ያምራል፣ ያቺን ጎጆ ግን አንሳት፣ ዕይታ ታበላሻለች» ብሎ ጽፏል። ጓደኛዬ ልብ ሰጥቶታል።

አሁን ወደ ጉዳዬ ልምጣ። የምዕራቡ ግንብ ሁለት ድርብ ሳጥን ድንጋይ ይቀረዋል፤ 6,912 ነው። ዓለሙ ባለቤቱን ጨምሮ እስከ 8 ሰው ይይዛል፣ እኛ አራት ነን። እሁድ ንጋት 11 ሰዓት ላይ የምትነቁ፣ ወይም ጭራሹን የማትተኙ ካላችሁ፣ በሞቴ ግቡልን። ዳቦና ፒክአክስ እዚያው ይሰጣል።